በርበሬው እስኪለቀም

አንካማን መጀመሪያ የመታት በአካፋ እጀታ ነበር። የመታት ደግሞ ባዳ አልነበረም። የባሏ የታላቅ ወንድም ልጅ ብራማያ ነው፤ በሕፃንነቱ ትኩሳት ሲይዘው በጀርባዋ አዝላው ያደረችው፣ አፍ ሲፈታም «ትንሿ እማ» እያለ የጠራት ልጅ። አሁን በር የማይበቃው ጎረምሳ ሆኗል።

የበርበሬው ችግኝ ተተክሎ ገና ሥር መያዝ ሲጀምር ነው። አንካማ ጠዋት ማሳዋ ስትደርስ ብራማያና ሁለት ጓደኞቹ ችግኙን በእፍኝ በእፍኝ እየነቀሉ ወደ መስኖው ቦይ ይወረውራሉ። እሷን ሲያዩ አልደነገጡም። አንደኛው እንዲያውም ያፏጫል።

«ምን እያደረግህ ነው አንተ?» አለች።

«የአያቴን መሬት እያረምኩ።»

«አረሙ እኔ ነኝ?»

«ካልሽ አይቀር፣ አዎ።»

ሮጣ ሄዳ አንገቱ ላይ የጠመጠመውን ፎጣ ጨምድዳ ያዘች። እሱም በአካፋው እጀታ ክንዷን አላት። አጥንቱ ቀጭ ሲል የሰማችው እሷ ብቻ አልነበረችም፤ ያፏጭ የነበረውም ዝም አለ። ጭቃው ላይ ወደቀች። ብራማያ ጀርባዋ ላይ ቆሞ ፊቷ ጭቃው ውስጥ እስኪቀበር ተጫናት። ትንፋሽ አጥታ እግሯን ስታንፈራግጥ ጊዜ ለቀቃት።

«የሚቀጥለው ራስሽ ነው» ብሎ አካፋውን ትከሻው ላይ ጣል አድርጎ ሄደ።

ጠቡ ከመሬቱ ነው፤ በጋርላፓዱ መንደር ሰው በሌላ ነገር ብዙም አይጣላም። የአንካማ ባል ኮታያና ታላቅ ወንድሙ ሴሻያ አባታቸው ሲሞት መሬቱን በሽማግሌ ፊት ለሁለት ተካፍለው ነበር። ሴሻያ ታላቅ ነኝ ብሎ ሰፊውን መረጠ። ለኮታያ የደረሰው ከቦዩ ጎን ያለው ጠባቡ ነው። ያኔ ቦዩ ደረቅ ነበር። ኋላ የክሪሽና ወንዝ ውሃ በቦዩ ሲለቀቅ ጠባቡ መሬት ወርቅ ሆነ፤ ሰፊው ደግሞ ዝናብ ሲጠብቅ ቀረ። ሴሻያ ይህን ነገር ለወንድሙ ይቅር ብሎት አያውቅም። ሆኖም ኮታያ በሕይወት እያለ ዝም አለ። ኮታያ አንድ ቀን ከገበያ ሲመለስ ልቡ ቀጥ ብሎ ሲሞት፣ የሴሻያ አፍ ተፈታ።

«ወንድ ልጅ ያልወለደች ሴት መሬት ምን ይሠራላታል? ወደ ደሙ ይመለስ» አለ፣ በለቅሶው ቤት፣ ሬሳው ከተቃጠለ ገና አመዱ ሳይበርድ።

አንካማ ሴትም ወንድም ልጅ አልነበራትም። የነበራት ያ ማሳ፣ አንዲት የምትታለብ ለማዳ ጎሽና ማንም የማያጎብጠው ወገብ ነው። ክንዷን በቀርከሃ አሳስራ ፖሊስ ጣቢያ ሄደች። ኢንስፔክተሩ ሻዩን እየጠጣ ሰማትና «የቤተሰብ ጉዳይ ነው እማማ፤ ታረቁ» አላት።

ስለዚህ ጠበቃ ያዘች። ጠበቃ ሻስትሪ አንድ ዐረፍተ ነገር ተናግሮ ሁለት ጊዜ የሚያስል፣ ኮቱ ከእሱ ቀድሞ ያረጀ ሽማግሌ ነው፤ የያዘውን ግን አይለቅም። ሴሻያና ቤተሰቡ ማሳው ውስጥ ድርሽ እንዳይሉ የሚያግድ ትእዛዝ ከፍርድ ቤት አወጣላት። አንካማ የተነቀለውን ችግኝ በአንድ እጇ መልሳ ተከለች። በእግዱ ቃል ተማምና ጎሿን ማሳው ዳር ካለው ጥላ ሥር ማሰር ጀመረች።

አንድ ቀን ለምሳ ሩዟን ከቤት ይዛ ስትመለስ ጎሿ ተኝታለች። በዚያ ሰዓት መተኛት ልማዷ ስላልነበረ አንካማ ሮጠች። የሁለቱም የኋላ እግሮቿ ጅማት በማጭድ ተበጥሷል። ልትነሳ በፊት እግሮቿ እየቧጠጠች ጉድጓድ ቆፍራለች። ደሙ ከጭቃው ጋር ተለውሶ ዝንብ ወሮታል። አንካማን ስታይ እንደ ወትሮዋ ጆሮዋን አወዛወዘች። አንካማ አጠገቧ ተቀምጣ ራሷን ጭኗ ላይ አድርጋ ውሃ በእፍኟ አጠጣቻት። እስክትሞት ድረስ አልተነሳችም። ማዶ፣ ከድንበሩ ወዲያ፣ ብራማያ ትራክተሩ ላይ ተቀምጦ ያይ ነበር። አልሳቀም። አልሄደምም።

ፖሊስ ጣቢያ የእግዱን ወረቀት ይዛ ተመለሰች። ኢንስፔክተሩ ከላይ እስከ ታች አነበበው።

«ይሄ እሱን ነው የሚያግደው» አላት። «እኔን ‹እንዲህ አድርግ› የሚል ቃል አለው? የለውም። የፍትሐ ብሔር ነገር ውስጥ ገብቼ ነገ እኔ ልከሰስ?»

«ታዲያ ይሄ ወረቀት ማጭድ ይመልሳል?»

«እሱን ለጻፈው ንገሪው።»

የባሰው ገና ነበር። ጥር ገብቶ የበርበሬው ዛላ ቀልቶ ጎንበስ ሲል ለቃሚ ጠፋ። በየዓመቱ የሚለቅሙላት ከመንደሩ ዳር ካለው የክርስቲያኖች ሰፈር የሚመጡ ሴቶች ናቸው። አለቃቸው ማርታማ የምትባል፣ ምላሷ ከበርበሬው የሚፋጅ ሴት ነች። አንካማ ቤቷ ድረስ ሄደች።

«እትዬ፣ አንቺን እወድሻለሁ» አለቻት ማርታማ። «ግን እኛም ጅማታችን ያስፈልገናል።»

«ዛላው መሬት ላይ እየረገፈ ነው እኮ።»

«ፖሊስ አቁሚልንና እንመጣለን። የወረቀት ፖሊስ አይደለም። ዱላ የያዘ፣ ላብ የሚያልበው ፖሊስ።»

አንካማ ይህንኑ ቃል በቃል ለሻስትሪ ነገረችው። ሻስትሪ አሳለና ፈገግ አለ። «ይህች ማርታማ የምትያት ሕግ ተምራለች እንዴ? ልክ ነች። እስካሁን ያሳገድነው ሴሻያን ነው። አሁን ፖሊሱን ራሱን እናሳዝዘው።»

አቤቱታው የቀረበላት ዳኛ ወጣት ሴት ነች፤ መነጽሯን ግንባሯ ላይ ሰቅላ ነው ሰው የምታየው። ችሎቱ ሞልቷል። ሴሻያ ነጭ በነጭ ለብሶ፣ ግንባሩን የጸሎት አመድ ቀብቶ፣ እጁን አጣምሮ እንደ ምስኪን ቆሟል። ጠበቃው ብድግ ብሎ ደንበኛው ሰላማዊ አዛውንት መሆኑን፣ የአመልካቿ ክንድ የተሰበረው ከአልጋ ወድቃ መሆኑን፣ ጎሿም በሽቦ አጥር መቆረጧን ተናገረ።

ዳኛዋ መነጽሯን ወደ ዓይኗ አወረደች። «ጎሿም ከአልጋ ወድቃ ነው እንዳይሉኝ ብቻ» አለች።

ችሎቱ ሳቀ። ሴሻያ አልሳቀም። አንካማም አልሳቀችም።

ዳኛዋ ወደ እሷ ዞረች። «ምንድን ነው የምትፈልጊው? ባጭሩ።»

አንካማ ስንት ነገር አስባ ነበር የመጣችው። ሁሉም ጠፋባት። «በርበሬዬን ልልቀም» አለች። «ሌላው ይቆይልኝ። እሱን ብቻ ልልቀም።»

ዳኛዋ ኢንስፔክተሩን አስጠርታ ፊቷ አቆመችና ትእዛዙን ጮክ ብላ አነበበችለት፤ በርበሬው ተለቅሞ፣ ደርቆ፣ ከአውድማው እስኪነሳ ድረስ ፖሊስ በቦታው ተገኝቶ አመልካቿንና ሠራተኞቿን ይጠብቅ። ኢንስፔክተሩ ተረከዙን አጋጭቶ ሰላምታ ሰጠ። ውጪ፣ ደረጃው ላይ፣ አንካማን ጠብቆ «ሰው የለኝም እኮ እማማ» አላት፤ ድምፁ ለመጀመሪያ ጊዜ የሰው ድምፅ ነበር። «ሁለት ነው የምሰጥሽ። አንዱ ያረጀ፣ አንዱ ያልበሰለ።»

ያረጀው ማስታን ይባላል። ሸበቶ ጢሙን በሂና ያቀላ፣ ጡረታው የደረሰ፣ ከቀርከሃ ዱላ በቀር መሣሪያ የሌለው ፖሊስ ነው። ያልበሰለው ቀኑን ሙሉ ስልኩን ያያል። ያም ሆኖ ማርታማና ሴቶቿ ቃላቸውን አከበሩ። በተጠመጠሙት ሳሪ ጫፍ አፍና አፍንጫቸውን ሸፍነው፣ እጃቸውን ዘይት ቀብተው ገቡ። ዛላው በቅርጫት ወደ አውድማው ይጋዝ፣ በፀሐይ ይሰጣ፣ በመንሽ ይገላበጥ ጀመር።

«ጋሼ ፖሊስ፣ ያ ዱላህ ለውሻ ነው ለሰው?» ትለዋለች ማርታማ።

«ለሚጮህ ሁሉ ነው። አንቺ ትንሽ ዝቅ አድርጊው።»

«ኧረ! አንተ ነህ ዱላውን የያዝከው ወይስ ዱላው ነው አንተን የያዘህ?»

ሴቶቹ ይስቃሉ፣ ያስነጥሳሉ፣ እንደገና ይስቃሉ። አንካማ የተሰበረው ክንዷ ድኖ በትንሹ ተጣሞ ቀርቷል፤ በዚያው ትለቅማለች። ባሏ ከሞተ ወዲህ ማሳው ውስጥ ሳቅ ስትሰማ የመጀመሪያዋ ነው። ከድንበሩ ማዶ ሴሻያ የገመድ አልጋውን አስወጥቶ እየተቀመጠ ይመለከታቸዋል።

«አንካማ!» አላት አንድ ከሰዓት፣ ሁሉም እንዲሰማ። «ፖሊስ አገባሽ አሉ! ወንድሜ አመዱ ሳይበተን!»

አንካማ እስከዚያ ቀን በባሏ ታላቅ ፊት ድምፅዋን ከፍ አድርጋ አታውቅም። ቀና አለች። «ከወንድምህ በኋላ በዚህ መንደር ወንድ አላየሁም፤ አንተን ጨምሮ!»

ሴቶቹ እልል አሉ። ሴሻያ ከአልጋው ተነሳ። ከኋላው ቆሞ የነበረው ብራማያ ፊቱ እንደ ዛላው ቀላ። ማስታን ብቻ ነው ያልሳቀው። ቀስ ብሎ ወደ አንካማ ቀረበና «እኔ የተላክሁት በርበሬ ልጠብቅ ነው፤ በርበሬ አትጨምሪበት» አላት።

አንድ ጠዋት ከተማው ውስጥ ትልቅ ባለሥልጣን ይመጣል ተባለና ያካባቢው ፖሊስ ሁሉ ለመንገድ ጥበቃ ተጠራ። የማስታን ስልክም ጮኸ። «የዳኛ ትእዛዝ አለብን እኮ ጌታዬ» ሲል አንካማ ሰማችው። ከወዲያ ያለው ድምፅ ረዘም አድርጎ ተቆጣ። በመጨረሻ ወጣቱ እንዲሄድ፣ ሽማግሌው እንዲቀር ሆነ። ወጣቱ ሞተር ብስክሌቱን አስነስቶ ሲሄድ ያላየው ሰው አልነበረም።

ፀሐይዋ አናት ላይ ስትደርስ ትራክተሩ መጣ። በመንገዱ አልመጣም፤ ድንበሩን ደፍጥጦ፣ ያልተለቀመውን በርበሬ በጎማው እየጨፈለቀ መጣ። ብራማያ ይነዳል። ተጎታቹ ላይ ማጭድና ዲጂኖ የያዙ ጎረምሶች ቆመዋል፤ አንዱ ቢጫ ጀሪካን ታቅፏል። ሴሻያ የገመድ አልጋው ላይ ተቀምጦ ቀረ።

ማስታን ዱላውን ይዞ አውድማው ፊት ቆመ። በጫማው አፈሩ ላይ መስመር አሰመረ።

«ብራማያ፣ ስማኝ ልጄ። ከዚህ ብታልፍ የምትመታው እኔን አይደለም። ፍርድ ቤቱን ነው።»

ብራማያ ከትራክተሩ ወረደ። ረጅም እጀታ ያለው ማጭድ ይዟል። «ፍርድ ቤቱ ደም አለው?» አለ።

ማስታን ዱላውን አነሳ። ማጭዱ ዱላውን ለሁለት ቆርጦ አለፈና እጁ ላይ አረፈ። ሁለት ጣቶች አቧራው ላይ ወደቁ። ሽማግሌው ጣቶቹን የማን እንደሆኑ እንደማያውቅ ሰው አያቸውና መሬት ላይ ወደቀ።

ከዚያ ወዲያ ሥርዓት የሚባል አልነበረም። ሴቶቹ ግማሾቹ ሮጡ፤ ማርታማና ሌሎች ሦስት ግን ወደ አውድማው መጡ። ማርታማ ዛላ የሞላውን ቅርጫት የመጀመሪያው ጎረምሳ ፊት ላይ ደፋችበትና በባዶው ቅርጫት ጭንቅላቱን ትነርተው ጀመር። ሌላው በዲጂኖ ጎኗን አላት። የጎድን አጥንቷ ሲሰበር ትንፋሿ እንደ ተቀደደ ጆንያ ወጣ። ወድቃም የመታትን ሰው ቁርጭምጭሚት ነከሰች፤ ጥርሷን ያስለቀቁት በርግጫ ነው።

አንካማ መንሹን ይዛ ነበር። ጀሪካን የያዘው ወደ ክምሩ ሲሮጥ ጭኑ ላይ ሰካችበት። ልጁ እየጮኸ ወደቀ፤ ቤንዚኑ ግን ቀድሞ ፈሷል። ሌላው ክብሪት ጫረ።

በርበሬ ምጣድ ላይ ትንሽ ሲያርር ቤት የሚያስለቅቅ ነገር ነው። እዚያ የነደደው የአንድ ዓመት ምርት ነበር። እሳቱ እንኳ ብዙ አልታየም፤ የታየው ጭሱ ነው፤ ወፍራም፣ ቡናማ፣ መሬት ለመሬት የሚሳብ ጭስ። ነፋሱ ወደ ማሳው ይነፍስ ነበርና ጭሱ ለቃሚዎቹ ላይ ሊያርፍ ሆነ። ወዲያው ግን ነፋሱ ተገለበጠ። ጭሱ ተመልሶ ያቀጣጠሉትን ሰዎች ዋጣቸው።

ሴቶቹ አፋቸውን እንደ ሸፈኑ ነበሩ፤ ሳምባቸውም ለዓመታት የለመደው ነው። ወደ መሬት ተኝተው እየዳኹ ወደ ቦዩ ወጡ። ማርታማን በእግሯ ጎትተው አወጧት። ጎረምሶቹ ግን ዓይናቸውን እየቧጨሩ፣ እርስ በርስ እየተጋጩ፣ እያስመለሱ ተበተኑ። አንዱ በዘፈቀደ ያወናጨፈው ማጭድ የገዛ ጓደኛውን ጆሮ ቆረጠው። ትራክተሩ እንደ ተነሳ ሰው አልባ ሄዶ ቦዩ ውስጥ ተዘፈቀ።

አንካማ አልወጣችም። ለምን እንዳልወጣች ኋላም አላወቀችውም። ሳሪዋን አውድማው ዳር ካለው የውሃ በርሜል ነክራ ፊቷን ጠምጥማ፣ ጎንበስ ብላ፣ ማስታንን ፈልጋ አገኘችው። በብብቱ ይዛ ወደ በርሜሉ ጎን ሳበችውና እጁን ከአናቱ ላይ በፈታችው ጥምጥም አሰረችለት። ልትመለስ ስትል አንድ እጅ ቁርጭምጭሚቷን ያዘ።

ብራማያ ነው። በሆዱ ተኝቷል፤ ዓይኖቹ አብጠው ተዘግተዋል፤ ከአፍንጫውና ከአፉ ዝልግልግ ይወርዳል። ማጭዱ ከጎኑ ወድቋል። ማንን እንደያዘ አያውቅም፤ ብቻ ጨምድዶ ይስባታል። አንካማ ማጭዱን አነሳችና ክንዱን መታችው። ሥጋው ተከፍሎ እጁ ለቀቃት።

እዚያ ላይ ማቆም ትችል ነበር። ልጁ ተገልብጦ ወደ ውሃው ሽታ መዳህ ጀመረ። «ውሃ» አለ። ሳለና ደግሞ «ትንሿ እማ… ውሃ» አለ። ማን እንዳለች አውቆ ይሁን ሰው ሲጨነቅ አፉ ላይ የሚመጣለትን ብሎ ይሁን፣ እግዜር ይወቅ። አንካማ ያን የድሮ መጠሪያዋን ሰማች። የተዘረጋውን እግሩንም አየች፤ ከጉልበቱ ጀርባ ጅማቱ እየተወጠረ ይላላል። ጎሿ በፊት እግሮቿ የቆፈረችው ጉድጓድ ፊቷ መጣ።

ማጭዱን ከፍ አድርጋ እዚያው ላይ አወረደችው።

ጩኸቱ መንደሩ ድረስ ተሰማ። ሴሻያ ከገመድ አልጋው የተነሳው ያኔ ነው። እየሮጠ መጥቶ ጭሱ አፋፍ ላይ ቆመ፤ መግባት አልቻለም፤ እዚያው ሆኖ የልጁን ስም ይጣራ ነበር። አንካማ ማጭዱን ጥላ የበርሜሉን ውሃ በጣሳ ቀድታ መጀመሪያ ለማስታን፣ ከዚያ ለብራማያ አጠጣች። ልጁ ጠጣ። እጇ እስከ ክርኗ ቀይ ነበር፤ ከፊሉ በርበሬ፣ ከፊሉ ደም።

ማስታን ሁለቱንም ምት አይቷል። በርሜሉ ጎን ያለው መሬት ከጭሱ በታች ነበርና ዓይኑ ክፍት ነበር።

በማግስቱ ሆስፒታል ውስጥ ኢንስፔክተሩ ቃሉን ሊቀበል መጣ። ማርታማ ከወዲያኛው አልጋ፣ ጎኗ ታስሮ፣ ትሰማለች። አንካማ በሩ ላይ ቆማለች።

«በጭሱ ምክንያት ያላየኸው ነገር ካለ…» አለ ኢንስፔክተሩ፣ መንገድ ሊያሳየው ፈልጎ።

«አይቻለሁ» አለ ማስታን። «ሁለቴ መታችው። መጀመሪያ ይዟት ነበር፤ እኔም ብሆን እመታው ነበር። ሁለተኛው ግን ለቋት እየዳኸ ሳለ ነው። እሱ የራሷ ነው።»

«አንተ ሽማግሌ!» አለች ማርታማ፣ ለመነሳት እየታገለች። «ጣትህን የቆረጠውን ልጅ ልትጠቅም? ለማን ብለህ ነው ታዲያ ጣትህን ያጣኸው?»

«ለእሷ ብዬ አይደለም። እዚያ ቁም ተባልኩ፣ ቆምኩ። ያየኸውን ተናገር ተባልኩ፣ ተናገርኩ። ከዚህ ሌላ ምን አለኝ?»

ኢንስፔክተሩ ወደ አንካማ ዞረ። «አንቺስ ምን ትያለሽ?»

«ልክ ነው» አለች። «ሁለተኛውም የኔ ነው።» ማስታንን ለማየት ፈለገች፤ እሱ ግን ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ ነበር፤ ትከሻው ይንቀጠቀጣል። መድኃኒቱ ለቆት ሕመሙ ጀምሮት ይሁን ሌላ፣ አልጠየቀችም። እጇን ዘረጋችና ካቴናውን አስገቡላት። የተጣመመው ክንዷ ላይ አልገጥም ብሎ ለትንሽ ጊዜ ታገሉ።

ሴሻያም፣ ጎረምሶቹም፣ ብራማያም ከነቁስሉ ታሰሩ። የሴሻያ ጠበቃ ግን ዝም ብሎ አልተቀመጠም። እዚያችው ወጣት ዳኛ ዘንድ ቀርቦ፣ ጥበቃ የተሰጣት ሴት ራሷ ሰው አካለ ስንኩል አድርጋ ወህኒ የወረደች ወንጀለኛ ስለሆነች ትእዛዙ ይነሳ አለ። አንካማን ከእስር ቤት አምጥተው ከኋላ አቆሟት። ሻስትሪ ሊናገር ተነስቶ ሳል ያዘው።

ዳኛዋ አልጠበቀችውም። ኢንስፔክተሩን ጠየቀችው፤ «በርበሬው ተለቅሟል?»

«የተለቀመው ተቃጥሏል። ግማሹ ገና ከነተክሉ ነው ክብርት ዳኛ።»

«ትእዛዜ እስከ መቼ ነው የሚለው?»

ኢንስፔክተሩ ላብ አጠመቀው። «እስኪለቀም።»

«እሷ በሠራችው ሌላ ፍርድ ቤት ይጠይቃታል፤ መጠየቅም አለባት» አለች ዳኛዋ። «ያኛው የእኔ አይደለም። የእኔ በርበሬው ነው። አሁን ስንት ሰው ትልካለህ?»

በዚህ ጊዜ ኢንስፔክተሩ ራሱ መጣ፤ ጠመንጃ የያዙ ፖሊሶች በመኪና ጭኖ። አስረው ያስቀመጧትን ሴት ሰብል ሲጠብቁ ሰነበቱ። ማርታማ ጎኗን እንደታሰረች አውድማው መሃል በርጩማ ላይ ተቀምጣ ሴቶቹንም ፖሊሶቹንም ታዝ ነበር። ወህኒ ቤት ልትጠይቃት ስትመጣ ለአንካማ ሁሉንም ነገረቻት፤ ኢንስፔክተሩ በማስነጠስ ብዛት ነስር እንደነሰረው፣ አንዱ ፖሊስ እጁን ሳይታጠብ ሽንት ቤት ገብቶ እየጮኸ እንደወጣ። አንካማ ሳቀች። ያን ዕለት ማታ ግን ሩዙ አልዋጥ አላት።

ነገሩ በየፍርድ ቤቱ ዓመታት ፈጀ። ብራማያ በፖሊሱ ጣትና በእሳቱ ተፈረደበት። አንካማም በሁለተኛው ምት ተፈረደባት፤ ከእሱ ያነሰ ቢሆንም እስራት እስራት ነው፤ ፀጉሯ እዚያ ነጣ። ሴሻያ ልጁ ሳይፈታ ሞተ። የመሬቱ ክርክር ሲያልቅ ከቦዩ ጎን ያለው ማሳ የአንካማ ነው ተባለ። ሻስትሪ ዜናውን ሊነግራት ወህኒ ድረስ መጥቶ፣ ከንግግሩ በላይ አሳለ። ማስታን ጡረታ ወጥቶ ልጁ ዘንድ ሌላ ከተማ ገባ ተባለ፤ ከዚያ በኋላ አላየችውም።

ስትፈታ በርበሬ አልተከለችም፤ ጥጥ ነው የዘራችው። ማርታማ «ጥጥ ምን ወዝ አለው?» ብላ ነዘነዘቻት።

አንድ የገበያ ቀን ወደ ከተማ የሚሄደው አውቶቡስ ውስጥ መስኮቱ ዳር ተቀምጣ ሳለ ብራማያ ወጣ። ከተፈታ መክረሙን ሰምታለች፤ አላየችውም ነበር። በክራንች ነው የሚሄደው፤ አንድ እግሩ ከኋላው ይጎተታል፤ ወፍራሙ አንገቱ ቀጥኗል። ረዳቱ «ለአካል ጉዳተኛው ቦታ ስጡ!» እያለ ጮኸ። ባዶ የነበረው ከአንካማ አጠገብ ያለው ወንበር ብቻ ነው።

ብራማያ ወንበሩን አየ። እሷን አየ። ብረቱን ይዞ ቆመ።

«ተቀመጥ እንጂ!» አለው ረዳቱ።

«ይመቸኛል።»

አውቶቡሱ ተነሳ። መንገዱ ጎርበጥባጣ ነው፤ በእያንዳንዱ ጉድጓድ ክራንቹ እየሸሸው ብረቱ ላይ ይንጠለጠል ነበር። አንካማ ትንሽ ታገሠች። ከዚያ ዘንቢሏን አንስታ ተነሳችና እሷም ብረቱን ይዛ ቆመች። እሱ ወደፊት፣ እሷ ወደ መስኮቱ እያዩ፣ በሁለት ባዶ ወንበሮች አጠገብ ሲንገላቱ ሄዱ። ሰዉ ግራ ገብቶት ተያየ። በመካከሉ ካለው ፌርማታ ዶሮዎች ያንጠለጠለች ሴት ወጣችና ወንበሮቹን አይታ፣ የቆሙትን ሁለት ሰዎች አይታ፣ «ትቀመጣላችሁ?» ብላ ጠየቀች። ሁለቱም ብረቱን እንደያዙ ቀሩ። በአንዱ ላይ እሷ ተቀመጠች፤ በሌላው ላይ ዶሮዎቿን አስቀመጠች።